ሳጥን ውስጥ የቀሩ የግንባር ደብዳቤዎችን እንዴት እናቆይ? ዝርዝር መመሪያ

ፒያሳና ዶሮ ማነቂያ በ2016 ዓ.ም. ሲፈርሱ ብዙ ሰው ዕቃውን የጠቀለለው በጥድፊያ ነው። ቡፌው፣ አልጋው፣ ፍሪጁ አይረሳም። የሚረሳው አልጋ ሥር ያለው የቆርቆሮ ሳጥን ነው። ሳጥኑ መኪና ላይ ቢጫን እንኳ ውስጡ ያለው ወረቀት «ይሄ ደግሞ ምን ያደርጋል» ተብሎ ከድሮ የመብራትና የውሃ ደረሰኝ ጋር ይጣላል። እዚያ መሃል ከአስመራ፣ ከጅጅጋ ወይም ከከረን የተጻፈ የልጅ ደብዳቤ ሊኖር ይችላል። እኔን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው። የአዛዦቹን ታሪክ የሚጽፍ አይጠፋም፤ የተራው ወታደር ቃል ግን ያለው እናቱ ሳጥን ውስጥ ነው።

ስለዚህ ይሄ መመሪያ አባቱ፣ አጎቱ፣ ወንድሙ ወይም አያቱ ዘምቶ ለነበረ ሰው ሁሉ ነው። የታሪክ ባለሙያ መሆን አያስፈልግም። ስልክ፣ ንጹሕ ጠረጴዛና ትዕግሥት ይበቃል። አንድ ነገር ግን ከአሁኑ ያዙልኝ፦ ደብዳቤው ብቻውን ግማሽ ነው። ሌላውን ግማሽ የሚያውቁት የጻፈው፣ የተቀበለውና ጮክ ብሎ ያነበበው ሰው ናቸው። ወረቀት በደንብ ከተቀመጠ ይቆያል፤ ሰዎቹ ግን አርጅተዋል። ጊዜ ካጠረባችሁ ወረቀቱን ደረቅ ቦታ አስቀምጡና መጀመሪያ ሰዎቹ ጋ ሂዱ።

ከመንካታችሁ በፊት

ሳጥኑን እንደከፈታችሁ እጃችሁን ሰብስቡ። መጀመሪያ እንዳለ ፎቶ አንሱት። ምን ከምን በላይ ነበር? የትኛው ደብዳቤ ከየትኛው ፎቶ ጋር ታስሯል? የትኛው ዳዊት ወይም መጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ ተጣጥፎ ነበር? እናት ደብዳቤዎቹን በክር ያሰረችው በራሷ ምክንያት ነው። የመጨረሻውን ለብቻው አድርጋው ይሆናል፤ ገንዘብ የላከበትን ለብቻው አስቀምጣው ይሆናል። ያ ክር አንዴ ከተፈታና ከተደባለቀ ማንም መልሶ አይሠራውም።

እጃችሁን ታጥባችሁ በደንብ አድርቁ። ቅባት አትቀቡ። ቡና፣ ሻይ፣ ምግብ ከጠረጴዛው ይራቅ። ደብዳቤውን ከፖስታው ስታወጡ ፖስታውን አትጣሉ፣ ሁለቱን አብራችሁ አስቀምጡ። ብዙ ሰው የሚያጠፋው ፖስታውን ነው። ቀኑንና አድራሻውን የሚነግረን ግን ብዙ ጊዜ እሱ ነው።

ፈጽሞ የማይደረጉ ነገሮች

ላሚኔት አታስደርጉ! እዚህ ከተማ ሰው የሚወደውን ወረቀት ሁሉ፣ ዲፕሎማም ሆነ የጋብቻ ምስክር ወረቀት፣ ላሚኔት ያስደርጋል። ደብዳቤ ግን እሳትና ሙጫ ከነካው በኋላ ሳይጎዳ ከፕላስቲኩ የሚያላቅቀው የለም። የተቀደደውን በፕላስተር አትለጥፉ፤ ፕላስተሩ ቢጫ ይሆንና ጽሕፈቱን ይዞት ይነሣል። የተጨማደደውን ካውያ አታሳርፉበት። ፀሐይ ላይ አታስጡት። በላዩ ላይ በእስክሪብቶ ቀን ወይም ቁጥር አትጻፉ። የግድ ምልክት ካስፈለገ ጀርባው ጠርዝ ላይ በእርሳስ በጣም ለስለስ አድርጋችሁ ጻፉ።

የዛገ ስፒል፣ አግራፍና ስቴፕለር ካለ ቀስ ብላችሁ አውጡ። ዝገቱ ወረቀቱን ይበላዋል። አልወጣም ካለ አትታገሉት፣ ተዉት።

ድሮ ብዙ ሰው የሚጽፈው በኮፒያ እርሳስ ነበር። እርጥበት ሲነካው ሐምራዊ ሆኖ ይሰራጫል። ስለዚህ እድፍ ልጥረግ ብሎ እርጥብ ጨርቅ ማስጠጋት የለም። ቤቱ አፍስሶ ደብዳቤው ከራሰባችሁ ደግሞ ጥላ ያለበት፣ ነፋስ የሚገባበት ቦታ ንጹሕ ነጭ ጨርቅ ላይ ዘርግታችሁ በራሱ ጊዜ ይድረቅ።

ማስቀመጫ

ክላሰር ውስጥ ያለው ተራ ፕላስቲክ ለጊዜው ያምራል፣ ግን በአዲስ አበባ ክረምት እርጥበቱን ያፍናል። ይልቅ እያንዳንዱን ደብዳቤ ከነፖስታው ንጹሕ ነጭ ወረቀት አጥፋችሁ መሃሉ አድርጉና ጠንካራ ካርቶን ሳጥን ውስጥ አስተኙት። ሳጥኑ መሬት ላይ አይሁን፣ ከውጭ ግድግዳ ጋር አይጠጋ፣ ከማድ ቤት ይራቅ። ብል ፈርታችሁ ናፍታሊን ወረቀቱ መሃል አትበትኑ። ሐምሌና ነሐሴ ላይ አልፎ አልፎ ከፍታችሁ እዩት። ሻጋታ የሚጀምረው ያኔ ነው።

ኮፒ ማድረግ

ስልክ ይበቃል። ጠዋት መስኮት አጠገብ ጠረጴዛ አድርጉ፣ ፍላሹን አጥፉ፣ ስልኩን ከወረቀቱ ትይዩ ያዙ። ከጎኑ ማስመሪያ አስቀምጡ፣ መጠኑ እንዲታወቅ። የፊቱን፣ የጀርባውን፣ የፖስታውን ፊትና ጀርባ፣ ባዶ የሚመስለውንም ገጽ አንሱ። ባዶ ገጽ ላይ ብዙ ጊዜ የእርሳስ ሒሳብ ወይም በሌላ ሰው እጅ የተጻፈች ሰላምታ ትገኛለች።

ብዙ ደብዳቤ ካላችሁ አራት ኪሎና ስድስት ኪሎ ዙሪያ ያሉት ኮፒ ቤቶች ስካን ያደርጋሉ። ግን አጠገባቸው ቁሙ። ወረቀቱን ከላይ ስቦ በሚያስገባው ማሽን እንዳያስገቡት፣ መስታወቱ ላይ አስተኝተው እንዲያነሡት ንገሯቸው። ቢያንስ 300 ዲፒአይ፣ በከለር ይሁን። ፍላሻችሁ ላይ ካስገቡላችሁ በኋላ ኮምፒውተራቸው ላይ የቀረውን እዚያው ፊታችሁ ያጥፉት። የሰው የቤት ጉዳይ ነው።

ለዘመድ በቴሌግራም ስትልኩ እንደ ፎቶ ሳይሆን እንደ ፋይል ላኩ፣ አለዚያ ጥራቱ ይወርዳል። ቢያንስ ሦስት ቦታ ይኑር፦ አንዱ ስልካችሁ ወይም ኮምፒውተራችሁ ላይ፣ አንዱ ፍላሽ ላይ፣ አንዱ ሌላ ቤት ያለ ዘመድ ጋ። የፋይሉን ስም በዓመት፣ በወርና በቀን ጀምሩት። መጋቢት 5 ቀን 1980 የተጻፈው «1980-07-05» ይሁን፣ መስከረምን 01 ብለን እስከ ጳጉሜን 13 እንቆጥራለን። እንዲህ ካደረጋችሁ ፋይሎቹ ራሳቸው በጊዜ ቅደም ተከተል ይሰለፋሉ።

ቀን የሌለውን ደብዳቤ መቼ ተጻፈ ማለት

እዚህ ላይ ጊዜ ስጡት።

መጀመሪያ አድራሻውን እዩ። «ከፍተኛ» እና «ቀበሌ» የሚል ካለ ከ1967 ዓ.ም. በፊት ሊሆን አይችልም፤ አዲስ አበባ በደርግ ጊዜ 25 ከፍተኛ ነበራት። «ዞን» የሚል ካለ ከደርግ በኋላ ነው። «ክፍለ ከተማ» ካለ ደግሞ ከ1995 ወዲህ ነው። የሰፈር ስም ብቻ ከሆነ፣ ለምሳሌ «ገዳም ሰፈር፣ እገሌ ግሮሰሪ አጠገብ»፣ በሌላ ምልክት መፈለግ ነው።

ቴምብሩን ተመልከቱ። የጃንሆይ ምስል ያለበት የንጉሡ ዘመን ነው፣ ምንም እንኳ አሮጌ ቴምብር ቆይቶ ሊለጠፍ ቢችልም። ቸርችል ጎዳና ያለው ዋናው ፖስታ ቤት የቴምብር ሙዚየም አለው፣ ወርዳችሁ ማመሳከር ትችላላችሁ። የፖስታ ማኅተሙ ላይ ያለው ቀን በእኛ ይሁን በፈረንጅ አቆጣጠር አረጋግጡ፤ ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ የሰባት ዓመት፣ ከዚያ በኋላ የስምንት ዓመት ልዩነት አለ። የቆየ ደብዳቤ ላይ ዓመቱ በግዕዝ ቁጥር ሊሆን ይችላል፣ ፲፱፻፸ ማለት 1970 ነው።

ቀጥሎ አነጋገሩ። «አብዮታዊት እናት ሀገር ወይም ሞት» ብሎ የሚዘጋ ደብዳቤ የደርግ ዘመን ነው። «የመጀመሪያ ዙር»፣ «ሁለተኛ ዙር» እያለ ስለ ብሔራዊ ውትድርና ከጻፈ ከ1975ቱ አዋጅ በኋላ ነው። ከ18 እስከ 30 ዓመት ያሉትን የሚመለከተው አዋጅ ያኔ ነው የወጣው። ከታጠቅ ጦር ሰፈር የጻፈ ሚሊሺያ ከሆነ 1969ንና 1970ን አስቡ። ከኮርያ ከሆነ የመጀመሪያው ቃኘው ሻለቃ የሄደው በ1943 ነው።

ቦታና ቀን ካለ ከሚታወቀው ታሪክ ጋር አስተያዩት። ጅጅጋ በመስከረም 1970 በሶማሊያ ጦር ተይዛ በየካቲት 26 ቀን 1970 ተመልሳለች። አፋቤት በመጋቢት 1980፣ ምጽዋ በየካቲት 1982 በሻዕቢያ እጅ ገብተዋል። የመንግሥት ወታደር ከምጽዋ በ1983 ጻፈ የሚል ንባብ ከመጣላችሁ ቁጥሩን እንደገና አንብቡ፤ 1 እና 3 ወይም 0 እና 3 በእጅ ጽሑፍ ይቀያየራሉ።

ቀኑን በበዓል የሚጽፍም አለ። «የኅዳር ሚካኤል ማግስት» ካለ ኅዳር 13 ነው። «የቁልቢ ገብርኤል ዕለት» ካለ ታኅሣሥ 19 ወይም ሐምሌ 19፤ ስለ ዝናብ ካወራ ሐምሌ ነው። ሙስሊም ከሆነና «ዒድን ምሽግ ውስጥ ዋልን» ካለ ደግሞ ዒድ በየዓመቱ አሥራ አንድ ቀን ገደማ ወደ ኋላ ስለሚመጣ ወሩ ከታወቀ ዓመቱን ማጥበብ ይቻላል።

«ደህና ነኝ» የሚለውን ማንበብ

ብዙው ደብዳቤ እንዲህ ይጀምራል፦ «ለውድ እናቴ ለጤናሽ እንደምን ሰንብተሻል? እኔ ከናፍቆትሽ በቀር እግዚአብሔር ይመስገን በጣም ደህና ነኝ።» ብዙ ሰው ይሄን አንብቦ «ምንም የለበትም፣ ሰላምታ ብቻ ነው» ብሎ ያስቀምጠዋል። እኔ በዚህ አልስማማም።

አንደኛ፣ ሰላምታው ራሱ ሰነድ ነው። ከገጹ ግማሽ በላይ «ለእትዬ እገሊት፣ ለባለሱቁ ለጋሽ እገሌ፣ በታች በር ላሉት በሙሉ፣ ለሰንበቴ ማኅበርተኞች» ብሎ ሲዘረዝር የሰፈሩን ሰው በሙሉ እየጠራ ነው። ያ ሰፈር ዛሬ የለም፤ ስሙን በተራ የጻፈው ወታደሩ ነው። እያንዳንዱን ስም አውጥታችሁ ለብቻው ወረቀት ላይ ጻፉ፣ ማን እንደሆነና አሁን የት እንዳለ ጠይቁ። ምስክሮቻችሁን የምታገኙት ከዚህ ዝርዝር ነው። በሚቀጥለው ደብዳቤ ላይ ያልተጠራ ስም ካለ ደግሞ ለምን እንደቀረ ጠይቁ። ሞቶ ይሆናል፣ ተጣልተው ይሆናል።

ሁለተኛ፣ ምን ላኩልኝ እንዳለ እዩ። በሶ፣ ዳቦ ቆሎ፣ በርበሬ፣ ካልሲ፣ የራስ ምታት መድኃኒት። «ኮቾሮው ሰልችቶኛል» የሚል አንድ መስመር ስለ ስንቅ ብዙ ይናገራል። በአንዱ ደብዳቤ ካልሲ፣ በሚቀጥለው የቁስል ቅባት፣ ከዚያ በኋላ ቁጥሩ ተለቅ ያለ ጫማ ከጠየቀ እግሩ ምን ሆኖ እንደነበር ለእናቱ ሳይነግራት ነግሯታል።

ሦስተኛ፣ ዝም ያለበትን ቦታ እዩ። ወታደር ያለበትን ቦታና ግዳጁን መጻፍ አይፈቀድለትም፣ ደግሞም እናቱን ማስጨነቅ አይፈልግም። «ትንሽ ሥራ በዝቶብን ነው ሳልጽፍ የቆየሁት» የሚለውን ቀኑን ይዛችሁ ያኔ ምን ውጊያ እንደነበር ተመልከቱ።

አራተኛ፣ የእጅ ጽሑፉ የማን ነው? ብዙ ወታደር ፊደል አይቆጥርም ነበር፣ የመሠረተ ትምህርት ዘመቻው ራሱ የተጀመረው በ1971 ነው። የሚጽፍለት የምሽግ ጓደኛው ነበር። የአንድ ሰው የሚመስል ጽሕፈት በመሃል ከተቀየረ ጸሐፊው ተዛውሯል ወይም ተሰውቷል፣ ወይም ዘማቹ ራሱ ጽሕፈት ተምሯል። ይሄ ሁሉ የሚጠየቅ ነው።

እዚህ ቤት ያሉት እናትም ብዙ ጊዜ ማንበብ አይችሉም ነበር። የሚያነብላቸው የጎረቤት ተማሪ ነው። ያ ተማሪ ዛሬ ጎልማሳ ነው፣ ምናልባት ኮንዶሚኒየም ገብቷል። ፈልጉት! ደብዳቤውን ሲያነብ እማማ የት ላይ እንዳስቆሙት፣ የትኛውን መስመር እንደገና አንብብልኝ እንዳሉት፣ እሱ ራሱ ከባዱን ቃል ዘሎት እንደሆነ የሚያውቀው እሱ ብቻ ነው። መልሱን የጻፈውም ብዙ ጊዜ እሱ ነው፤ ወደ ግንባር የሄደው መልስ ደግሞ አብዛኛው እዚያው ጠፍቷል።

በጽሑፍ መገልበጥ

ደብዳቤውን ኮምፒውተር ላይ ስትገለብጡ አታርሙት። «ሰላም» በ«ሠ» ከጻፈው በ«ሠ» ይቅር። አራት ነጥብ ከሌለው አትጨምሩ፣ በቃላት መሃል ሁለት ነጥብ ካለው አታውጡ። መስመሩ የተሰበረበት ቦታ ላይ እናንተም ስበሩ። ያላነበባችሁትን ቃል ገምታችሁ አትሙሉ፣ በቅንፍ «ያልተነበበ» በሉት፤ ግምት ካላችሁ ግምት መሆኑን ጻፉ። ማዕረግ በምህጻር ሲመጣ፣ ለምሳሌ «፶/አ» (ሃምሳ አለቃ) ወይም «መ/አ» (መቶ አለቃ)፣ እንዳለ ገልብጡና ፍቺውን ከታች አስቀምጡ። ሻምበልና ሻለቃ የሰው ማዕረግም የጦር ክፍልም ናቸው፣ ስለዚህ የትኛው እንደሆነ ከዐረፍተ ነገሩ ለዩ።

ፎቶ ካለ ጀርባውን አገላብጡ። «ለማስታወሻ» ተብሎ የተጻፈው፣ የፎቶ ቤቱ ማኅተም፣ ቀኑ፣ ሁሉም ይገልበጥ። ፎቶው ላይ ያሉትን ሰዎች ከግራ ወደ ቀኝ ስማቸውን ጠይቃችሁ ጻፉ።

ሰውየውን ማናገር

ዘማቹ በሕይወት ካሉ መቅረጹን ለነገ አታሳድሩ። በሰፈር በሚጠሩበት ስም ጥሯቸው፤ እስካሁን «ሃምሳ አለቃ» ወይም «ሻለቃ» የሚባሉ ከሆነ እናንተም እንዲያ በሉ። አንቱታው አይጉደል። አስቀድማችሁ እንደምትቀርጹ ንገሯቸው፣ ፈቃዳቸውን ድምፁ ላይ ራሱ አስቀሩት።

ቡና የተፈላበት ሰዓት ጥሩ ነው፣ ሰው ይፈታታል። ግን ሲኒው ሲንኳኳ ድምፁ ስልኩ ውስጥ ጎልቶ ይገባል፣ ስለዚህ ስልኩን ከረከቦቱ አርቁና የታጠፈ ነጠላ ላይ አስቀምጡት። የአውሮፕላን ሁነታ ላይ አድርጉት፣ በመሃል ስልክ እንዳይደወል። ቴሌቪዥኑ ይጥፋ። መጀመሪያ ቀኑን፣ ቦታውን፣ የተናጋሪውን ሙሉ ስም ራሳችሁ ተናገሩ።

ጥያቄውን ከትልቁ አትጀምሩ። «ጦርነቱ እንዴት ነበር?» ለሚል ጥያቄ የሚመጣው ከሬዲዮ የተሰማ መልስ ነው። ደብዳቤውን እጃቸው ላይ ስጡና «ይሄን የጻፉት ምን ላይ ተቀምጠው ነው?» በሉ። ጉልበታቸው ላይ ነበር? የጥይት ሳጥን ላይ? ወረቀቱ ከየት መጣ? ማን ይዞት ሄደ፣ ፖስታ ነው ወይስ በፈቃድ የወጣ ጓደኛ? መልሱ በስንት ጊዜ ደረሰ? ምን በላችሁ? ኮዳው ባዶ ሲሆን ምን ታደርጉ ነበር? ከዚህ ተነሥተው ወደ ከባዱ የሚሄዱት ራሳቸው ናቸው።

«ስንት ሰው ገደሉ?» ብላችሁ አትጠይቁ። ዝም ሲሉ ዝም በሉ፣ አትሙሉላቸው። እንባ ከመጣ ቀረጻውን ላቁም ወይ ብላችሁ ጠይቁ። የልጅ ልጆችን ማራቅም ማቅረብም የሳቸው ምርጫ ይሁን። አንዳንዱ የሚናገረው ልጆቹ በሌሉበት ብቻ ነው።

የተናገሩት ከመጽሐፍ ጋር ካልገጠመ ፊት ለፊት አትከራከሩ። እሳቸው ያሉትን እንዳሉት ጻፉ፣ የታወቀውን ቀን ለብቻው በማስታወሻ አስቀምጡ። ሚስታቸውንም ለብቻ አናግሩ። በውክልና ደመወዝ ለመቀበል የተሰለፉት፣ ልጅ ይዘው የቆዩት እሳቸው ናቸው፤ የጦርነቱ ኑሮ የሳቸውም ነው።

መርዶ ያለበት ቤት

ከመርዶ በኋላ የደረሰ ደብዳቤ ያለበት ቤት አለ። ሰውየው ከሞተ በኋላ የእጅ ጽሑፉ መጥቷል። እንዲህ ያለውን ደብዳቤ ከቤተሰቡ ፈቃድ ውጭ አትክፈቱ፣ ጮክ ብላችሁም አታንብቡ። የመርዶውን ወረቀት፣ የውክልናውን፣ የጡረታውን ከደብዳቤዎቹ ጋር አንድ ላይ አድርጉ እንጂ አትነጣጥሏቸው።

የተማረከ ካለ ደግሞ የቀይ መስቀል መልእክት ፈልጉ። ፖስታ የሌለው፣ ክፍት የሆነ፣ የቤተሰብ ወሬ ብቻ የሚጻፍበት ቅጽ ነው፣ በባለሥልጣን ታይቶ የሚያልፍ። በሶማሊያ የተያዙ የኢትዮጵያ ምርኮኞች የተመለሱት በ1980 መጨረሻ ላይ ነው፣ አንዳንዶቹ ከአሥር ዓመት በላይ ቆይተው። እነዚያን ዓመታት ለአንዳንድ ቤተሰብ የያዘችው ያቺ አንድ ገጽ ቅጽ ናት።

ለማን እንስጥ?

ስድስት ኪሎ፣ ድሮ ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት በነበረው ግቢ ውስጥ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም አለ፤ ከ1955 ዓ.ም. ጀምሮ የኢትዮጵያን ጽሑፍና ታሪክ ይሰበስባል። ወመዘክርም (ብሔራዊው ቤተ መጻሕፍትና ቤተ መዛግብት) አለ። ሄዳችሁ አነጋግሩ። የእኔ ምክር ቤተሰቡ ካልተስማማ ዋናውን አትስጡ፣ ጥራት ያለው ስካን ከገለበጣችሁት ጽሑፍ ጋር ስጡ። ዋናውን የሚንከባከብ ሰው ቤት ውስጥ ከሌለ ግን አልጋ ሥር ከሚበሰብስ እዚያ ቢገባ ይሻላል። ስትሰጡ ማን ማየት እንደሚችል፣ መቼ እንደሚከፈት በጽሑፍ ተስማሙ፣ ቅጂውን ያዙ።

ፌስቡክ ላይ ከመለጠፋችሁ በፊት ደግሞ ቆም በሉ። ደብዳቤው ውስጥ ስማቸው ያሉ ሰዎች ወይም ልጆቻቸው በሕይወት አሉ። የፍቅር ጉዳይ፣ ብድር፣ ስለ አዛዥ የተጻፈ ምሬት፣ የከዳ ጓደኛ ስም ሊኖር ይችላል። ማስታወቅ ከፈለጋችሁ ስሙን ሸፍኑ፣ የቤተሰቡን ይሁንታ ያዙ። በዚያ ጦርነት በሌላው ወገን ልጁን ያጣም እዚሁ ከተማ ጎረቤታችሁ ነው።

ስልክ ላይ ያለው

የቅርቡ ዘመን ወታደር ደብዳቤ አልጻፈም። የድምፅ መልእክት ልኳል፣ ኔትወርክ ያለበት ኮረብታ ሲወጣ ደውሏል። ይሄ ከወረቀት በፊት የሚጠፋ ነው። ስልኩ ይሰረቃል፣ ይሰበራል፣ ሲም ካርዱ ይዘጋል። ቴሌግራም ኮምፒውተር ላይ ሲከፈት የአንድን ሰው ንግግር በሙሉ ከነድምፁ ኤክስፖርት የሚያደርግ ምርጫ አለው፣ ዋትስአፕም ስልኩ ላይ አለው። አውጡት፣ ፍላሽ ላይ አድርጉት፣ ፋይሉን በቀኑ ሰይሙት። አጭር የሆነችውን፣ «ሄሎ፣ ይሰማል?» ብላ የምትቆረጠውንም አታጥፏት።